የማልዲቭስ የዓሣ ቋንጣ፤ አንድ ገበያ ያኖረውና አንድ ገበያ ያስጨነቀው ሕዝብ ታሪክ

(በሬዲዮ ፕሮግራማችን ቀርቦ ለኅትመት የተዘጋጀ)

ቢስሚላሂ አር-ረሕማኒ አር-ረሒም። ምስጋና ለዓለማት ጌታ ለአላህ (ሱ.ወ) ይገባው። ሰላትና ሰላም በነቢያችን ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ)፣ በቤተሰቦቻቸውና በሰሃቦቻቸው ላይ ይሁን። 

ከደረሱን ጥያቄዎች መካከል አንዱ በቆርቆሮ ታሽጎ በየሱቁ የሚሸጠውን ቱና የሚመለከት ነበር። ጠያቂያችን «ዓሣውን ማን እንዳጠመደው አናውቅም፤ ሲታረድም አላየንም። ታዲያ መብላቱ ይፈቀድልናልን?» ይላሉ። መልሱ አጭር ነው። ዓሣ እንደ በግና እንደ ፍየል መታረድ አይጠበቅበትም። የባሕር ሙት ሐላል መሆኑን ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) አስተምረዋል። አብሮት የታሸገው ዘይትና ቅመም ሐራም ነገር እስካልተቀላቀለበት ድረስ ዓሣው በራሱ ችግር የለበትም።

ሆኖም ጥያቄው ሌላ ጥያቄ አስከተለብን። በሞቃት አገር ከውኃ የወጣ ዓሣ ሳይበላሽ አንድ ቀን እንኳ አያድርም። ታዲያ ከሩቅ ውቅያኖስ የተጠመደው ዓሣ ወራት ተሻግሮ እኛ ሰፈር ሱቅ እስኪደርስ እንዴት ቆየ? ዓሣን የማቆየት ጥበብ የያዘ ሕዝብስ ከጥበቡ ምን ያህል ተጠቀመ? ይህን ስንከታተል በህንድ ውቅያኖስ መካከል የምትገኝ የአንዲት ሙስሊም አገር ታሪክ ላይ ደረስን። አገሪቱ ማልዲቭስ ናት። ታሪኳ ብዙ የሚያስተምር ሆኖ ስላገኘነው ለዛሬ እሱን ይዘን ቀርበናል። ሒጅሪ ካላልን በስተቀር የምንጠቅሳቸው ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከባሕር የተገኘ ስንቅ

የባሕርን ሥጋ አድርቆ ስንቅ ማድረግ ለሙስሊሞች እንግዳ ነገር አይደለም። ጃቢር ኢብን ዐብደላህ (ረ.ዐ) ባስተላለፉት ታዋቂ ሐዲስ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ሦስት መቶ ያህል ሰሃቦችን በአቡ ዑበይዳ ኢብኑል ጀራሕ (ረ.ዐ) አሚርነት ወደ ባሕር ዳርቻ ልከው ነበር። ስንቃቸው እየተመናመነ ሄዶ የአንድ ሰው የቀን ድርሻ አንድ ፍሬ ተምር እስከ መሆን ደረሰ። በኋላም ቅጠል እያራገፉ በሉ። ጦሩም «የቅጠል ጦር» የሚል ስም የወጣለት በዚሁ ምክንያት ነው። በዚህ ጭንቀት ላይ ሳሉ ባሕሩ ዐንበር የሚባል እጅግ ግዙፍ ዓሣ ወደ ዳር ወርውሮላቸው አገኙ። ለብዙ ቀናት ተመገቡት፤ አቅማቸውም ተመለሰ። ከሥጋውም ቋንጣ አድርገው ለመንገድ ያዙ። መዲና ደርሰው ነገሩን ሲያወሩላቸው ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) አላህ ያወጣላቸው ሲሳይ መሆኑን ገልጸው፣ ከሥጋው የተረፈ እንዳለ ጠየቁ። ሲቀርብላቸውም ተመገቡ።

ዑለሞች ይህን ሐዲስ የባሕር ሙት ሐላል ለመሆኑ ማስረጃ አድርገው ያቀርቡታል። እኛ ደግሞ ለዛሬው ርዕሳችን አንድ ነገር እንጨምርበታለን። ያ ሥጋ መዲና ሊደርስ የቻለው ስለደረቀ ነው። ባይደርቅ ኖሮ እዚያው ባሕር ዳር ይቀር ነበር። ማድረቅ ለምግብ ጊዜ ይሰጠዋል። ጊዜ ያገኘ ምግብ መንገድ ይሄዳል። መንገድ የሄደ ምግብ ደግሞ ንግድ ይሆናል። የማልዲቭስ ታሪክ የዚህ ንግድ ታሪክ ነው።

ኢብን በጡጣ በሁለት ወደቦች

ታላቁ ተጓዥ ኢብን በጡጣ በ1331 ገደማ ወደኛ አካባቢ መጥቶ ዘይላን ጎብኝቷል። ዘይላ ያን ጊዜ የኢፋት ሱልጣኔት ንግድ የሚወጣባትና የሚገባባት ወደብ ነበረች። ኢብን በጡጣ የዘይላ ገበያ ትልቅ መሆኑን ከመሰከረ በኋላ ስለ ከተማዋ ሽታ አምርሮ ጽፏል። ምክንያቱንም ሲገልጽ የዓሣው ብዛትና በየመንገዱ የሚታረዱት ግመሎች ደም ነው ይላል። በዚህም የተነሳ ባሕሩ ክፉኛ እየተናወጠ ሳለ እንኳ ከተማ ውስጥ ከማደር መርከብ ላይ ማደርን መረጠ።

ይኸው ሰው አሥራ ሁለት ዓመት ያህል ቆይቶ በ1343 መጨረሻ ላይ ማልዲቭስ ደረሰ። ማልዲቭስ ከህንድ በስተደቡብ ምዕራብ ከላይ ወደ ታች የተዘረጉ 1,200 ያህል ትንንሽ ደሴቶች ናት። ሰው የሚኖርባቸው ሁለት መቶ የማይሞሉ ናቸው። ሕዝቡ በ1153 (548 ሒጅሪ) እስልምናን ተቀብሏል። ለዚህ ምክንያት የሆኑትን ሰው ኢብን በጡጣ አቡል በረካት አል-በርበሪ ብሎ ይጠራቸውና ከመግሪብ የመጡ መሆናቸውን ይናገራል። ሌሎች ምንጮች ከተብሪዝ የመጡ ናቸው ይላሉ። «በርበሪ» የሚለው ስም የሶማሌዋን በርበራ የሚያመለክት ሊሆን ይችላል የሚሉ የታሪክ ተመራማሪዎችም አሉ። ነገሩ አከራካሪ ነው፤ ወላሁ አዕለም። በዚያ ዘመን በእኛ የባሕር ዳርቻና በደሴቶቹ መካከል ሰው ይመላለስ እንደነበር ግን ኢብን በጡጣ ራሱ ምስክር ነው። በደሴቶቹ ላይ ሹመት የያዘ አንድ የመቅዲሾ ሰው ማግኘቱን ጽፏል።

ኢብን በጡጣ በማልዲቭስ ቃዲ ሆኖ ተሾመ። አገሪቱን ያን ጊዜ የምትገዛው ኸዲጃ የምትባል ንግሥት ነበረች። እሱም ስለ ፍርዱና ስለ ሕዝቡ ልማድ ከጻፈው ሌላ ስለ ምግባቸው በጥሞና ጽፏል። ዋናው ምግባቸው ዓሣ ነው። ሥጋው ቀይ ነው፤ ስብ የለውም። ሽታው የከብት ሥጋ ሽታ ይመስላል። አንዱን ዓሣ ከአራት ከፍለው ጥቂት ያበስሉትና ከዘንባባ ቅጠል በተሠራ ቅርጫት አድርገው በጭስ ላይ ይሰቅሉታል። ሲደርቅ ይበሉታል። ወደ ህንድ፣ ወደ ቻይናና ወደ የመንም ይጫናል። ስሙንም «ቁልቡል ማስ» ይሉታል ይላል። «ማስ» በአገሬው ቋንቋ በዲቬሂ ዓሣ ማለት ነው።

አድማጮቻችን ልዩነቱን አስተውሉ። በዘይላ ከዓሣ ሽታ ሸሽቶ ባሕር ላይ ያደረው ሰው በማልዲቭስ ስለ ዓሣ ሽታ ሲጽፍ የከብት ሥጋ ይመስላል አለ። ልዩነቱን ያመጣው እሳት፣ ጭስና የእጅ ሥራ ነው።

ከእሱ በኋላ የመጡትም ይህንኑ አይተዋል። ከቻይናው የመርከብ አዛዥ ከዠንግ ሄ ጋር በአስተርጓሚነት የተጓዘው ሙስሊሙ ማ ኋን በ15ኛው ክፍለ ዘመን በጻፈው መጽሐፍ የማልዲቭስ ሰዎች ዓሣውን በትልልቁ ቆርጠው በፀሐይ አድርቀው በመጋዘን እንደሚያስቀምጡና የሌላ አገር ነጋዴዎች እየመጡ እንደሚገዟቸው ዘግቧል። መርከቡ ተሰብሮበት ከ1602 እስከ 1607 በማልዲቭስ የቆየው ፈረንሳዊው ፒራር ደ ላቫልም ዓሣው በባሕር ውኃ ተቀቅሎ እንደሚደርቅና ለረጅም ጊዜ ሳይበላሽ እንደሚቆይ ጽፏል። አንድ ዐረብኛ ጸሐፊ፣ አንድ ቻይናዊና አንድ ፈረንሳዊ በተለያየ ዘመን ስለ አንድ ሸቀጥ መሰከሩ ማለት ነው።

እሳቱ፣ ጭሱና ነፋሱ

ይህ ሸቀጥ በዲቬሂ ዛሬም «ሂኪማስ» ይባላል፤ ደረቅ ዓሣ ማለት ነው። አሠራሩ ከእኛ ቋንጣ ጋር ይመሳሰላል፤ ልዩነቱ መጀመሪያ መቀቀሉ ነው። የቱናው ራስ ይቆረጣል፤ ሆዱ ይጸዳል፤ አጥንቱ ወጥቶ ሥጋው በርዝመቱ ከአራት ይከፈላል። ጨው ባለው ውኃ ይቀቀላል። ከዚያ ከምድጃ በላይ ባለ ቆጥ ላይ ተደርድሮ በጭስ ይታጠናል። በመጨረሻም ፀሐይ ላይ ለቀናት ይሰጣል። ሲጨርስ እንደ እንጨት ይጠነክራል። ተፈልጦ ወይም ተወቅጦ ወጥ ውስጥ ይገባል። የተቀቀለበት መረቅም አይደፋም። ለብዙ ሰዓት እየተንተከተከ ወፍሮ «ሪሃኩሩ» የሚባል ጠቆር ያለ ማባያ ይሆናል።

በዚህ ውስጥ ዕውቀት አለ። ምግብን የሚያበላሹት ዓይን የማያያቸው ተሐዋስያን ያለ ውኃ አይራቡም። መቀቀሉ ይገድላቸዋል፤ ጭሱና ፀሐዩ ደግሞ ውኃውን ከሥጋው ያወጣሉ። ስብ ያለው ዓሣ ቢደርቅም ውሎ አድሮ ይጎመዝዛል። ይህ የቱና ዓይነት ግን ስቡ አነስተኛ ስለሆነ ይቆያል። ኢብን በጡጣ «ስብ የለውም» ያለው ነገር የንግዱ ሁሉ መሠረት ነበር።

ሥራውም የተከፋፈለ ነው። ወንዶች ጎህ ሲቀድ በጀልባ ይወጣሉ። ዓሣውን የሚይዙት አንድ በአንድ በዘንግና በመንጠቆ ነው። ትንንሽ ዓሣዎችን በሕይወት እንዳሉ ባሕር ላይ እየበተኑ ቱናውን ይጠሩታል። ጀልባዎቹ ሲመለሱ ደግሞ ሥራው የሴቶች ይሆናል። የሚቀቅሉት፣ የሚያጥኑትና የሚያደርቁት እናቶችና ልጃገረዶች ነበሩ። ስለዚህ ጥሬውን ዓሣ ወደ ሸቀጥነት የሚለውጠው በሴቶች እጅ የሚሠራው ሥራ ነበር። ይህን ነጥብ በኋላ ስለምንመለስበት ያዙልን።

ዓሣው ለወራት መቆየት የነበረበት ያለ ምክንያት አይደለም። በህንድ ውቅያኖስ ነፋሱ በዓመት ሁለት ጊዜ አቅጣጫውን ይለውጣል። የማልዲቭስ ጀልባዎች በደቡብ ምዕራቡ ነፋስ ወደ ሲሎን (የዛሬዋ ሲሪላንካ) እና ወደ ቤንጋል ይሄዳሉ። የሚመለሱት ነፋሱ ከሰሜን ምሥራቅ መንፈስ ሲጀምር ነው። እንግዲህ የአንድ ዓመት ዓሣ የአንድ ወቅት ነፋስ እስኪነሳ ድረስ መጠበቅ ነበረበት። ሊጠብቅ የሚችለው ደግሞ የደረቀ ብቻ ነው።

ሩዝ የማታበቅል አገር

የማልዲቭስ ደሴቶች መሬት ከባሕር ኮራል የተፈጨ አሸዋ ነው። ኮኮናት ያበቅላል፤ ሥራ ሥርም ይወጣበታል። ሕዝቡን የሚመግብ ሩዝ ግን አይወጣበትም። ሩዙ የሚመጣው ከባሕር ማዶ ስለሆነ በምትኩ የሚሰጥ ነገር ያስፈልግ ነበር። በቀደሙት ዘመናት የሚሰጥ ነገር አልጠፋም። ከኮኮናት ቃጫ የሚፈተለው ገመድ የመርከብ መስፊያ ነበር። ዛጎላቸው ደግሞ በቤንጋልና በአፍሪካ እንደ ገንዘብ ያገለግል ነበር። ኢብን በጡጣ የማልዲቭስን ዓይነት ዛጎል በማሊና በጋዎ 1,150ው በአንድ የወርቅ ዲናር ሲሸጥ ማየቱን ጽፏል። ደረቁ ዓሣ ከእነዚህ ጋር ሦስተኛ ነበር።

ጊዜው ሲለወጥ ግን ዛጎል ገንዘብነቱ ቀረ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን የብረትና የወረቀት ገንዘብ ተካው። ዓሣው ከሦስቱ አንዱ መሆኑ ቀርቶ ዋናው ሆነ። ዋናው ገዥም ሲሎን ሆነች። የሲሎን ሰዎች ሂኪማሱን «ኡምባላካዳ» ይሉታል። ወቅጠው ከተፈቀፈቀ ኮኮናትና ከበርበሬ ጋር ያዋህዱታል፤ ወጣቸውም ያለ እሱ አይጥማቸውም። ጣዕሙን የሚወድ ጎረቤት ማግኘት ለነጋዴ ትልቅ ጸጋ ነው። ነገር ግን አንድ ብቻ ሲሆን አደጋም አለበት።

በዚሁ ክፍለ ዘመን አጋማሽ ከህንድ የመጡ ቦህራ የሚባሉ ሙስሊም ነጋዴዎች በዋና ከተማዋ በማሌ ሱቅ ከፈቱ። ዓሣውን የሚገዙት፣ ሩዙንና ጨርቁን የሚያስገቡት እነሱ ሆኑ። የአገሪቱ የውጭ ንግድ ቀስ በቀስ በጥቂት እጆች ተያዘ። ቅሬታውም በዛ። በ1887 ሁከት ተነሥቶ ሱቆቻቸው ተቃጠሉ። በዚያው ዓመት ታኅሣሥ ወር ማልዲቭስ የብሪታንያ ጥበቃ ሥር የገባችበት ስምምነት ተፈረመ፤ ጉዳይዋም ከሲሎን በኩል ይታይ ጀመር። ስለዚህ ገበያውም አስተዳዳሪውም በአንድ አቅጣጫ ሆኑ።

የዚህ መዘዝ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ታየ። በሚያዝያ 1942 የጃፓን ባሕር ኃይል ኮሎምቦንና ትሪንኮማሊን ደበደበ። በህንድ ውቅያኖስ የመርከብ ጉዞ አስጊ ሆነ። ሩዝ መምጣቱ ተቋረጠ። የማልዲቭስ ሽማግሌዎች ያንን ዘመን «ቦዱ ታዱ» ይሉታል፤ ታላቁ ጭንቅ ማለት ነው። ሕዝቡ ቅጠላ ቅጠልና የዱር ሥራ ሥር እስከ መብላት ደረሰ። ዓሣ ነበራቸው፤ ዓሣውን በሩዝ የሚለውጡበት መንገድ ግን አልነበራቸውም። በዚያው በ1940ዎቹ መንግሥቱን በሚመሩት በሙሐመድ አሚን ዲዲ ጊዜ የዓሣው የውጭ ንግድ ከግል ነጋዴዎች እጅ ወጥቶ የመንግሥት ሆነ። ሻጩ ተለወጠ። ገዥው ግን ያው አንዱ ነበር።

በሩ ሲዘጋ

ማልዲቭስ ሐምሌ 26 ቀን 1965 ነፃነቷን አገኘች። ባንዲራዋን ሰቀለች፤ የተባበሩት መንግሥታትም አባል ሆነች። ኑሮዋ ግን እንደ ድሮው በደረቅ ዓሣና በኮሎምቦ ገበያ ላይ የቆመ ነበር።

በ1970ዎቹ መጀመሪያ ላይ ሲሪላንካ ብርቱ የውጭ ምንዛሪ እጥረት ገጠማት። ከውጭ የሚገባ ሸቀጥን ሁሉ ስታጠብቅ የማልዲቭስ ዓሣም ከሚቀነሱት አንዱ ሆነ። እዚህ ላይ ፍትሐዊ መሆን ይገባል። ሲሪላንካ ይህን ያደረገችው ጎረቤቷን ለመጉዳት አልነበረም። የራሷ ካዝና ባዶ ስለሆነባት ለእሷ አስፈላጊ ያልመሰላትን ተወች። ለአንዱ ማጣፈጫ የሆነው ግን ለሌላው እንጀራው ነበር። ገዥው ከወጡ ላይ ጥቂት ጣዕም ሲቀንስ ሻጩ ሩዙን አጣ። ለዘመናት ሳይበላሽ ዓሣን ያቆየ ጥበብ በሩ ሲዘጋ አላዳነውም። ደረቁ ዓሣ በመጋዘን ሊጠብቅ ይችላል። የልጆች ሆድ ግን አይጠብቅም።

ከቋንጣ ወደ ቆርቆሮ

ማልዲቭስ ፈጥና ሌላ በር ፈለገች። በ1972 የጃፓን ኩባንያዎች ማቀዝቀዣ ያላቸው መርከቦች አምጥተው ጥሬውን ቱና ከዓሣ አጥማጆቹ ይገዙ ጀመር። በ1974 በጀልባዎቹ ላይ ሞተር መግጠም ተጀመረ። ጀልባው የነፋስ ጥገኛ መሆኑ ቀረ፤ ርቆ ሄዶ ብዙ መያዝ ቻለ። በ1978 ደግሞ ፌሊቫሩ በተባለችው ደሴት ላይ ቱናን በቆርቆሮ የሚያሽግ ፋብሪካ ሥራ ጀመረ። በ1993 የመንግሥት የዓሣ ኩባንያ ተቋቋመ። አገሪቱ ከጭንቁ ወጣች፤ አልሐምዱ ሊላህ።

ይሁን እንጂ ያዙልን ወዳልነው ነጥብ እንመለስ። ዓሣ አጥማጁ የያዘውን እዚያው ባሕር ላይ ለሰብሳቢው መርከብ ሸጦ ገንዘቡን ይዞ ይመለሳል። ወደ መንደሩ የሚመጣው ዓሣ አነሰ። የሴቶቹ ምድጃ ቀዘቀዘ። ቀድሞ ዓሣው ሸቀጥ የሚሆነው በእነሱ እጅ ነበር፤ አሁን ግን ገቢው በወንዶች እጅ ብቻ ገባ። ማንም ሊበድላቸው አስቦ ያደረገው አይደለም። አዲስ መንገድ ሲከፈት በአሮጌው መንገድ ላይ የነበሩት ሳይጠየቁ ታለፉ። ልማት ስናቅድ ይህን ማየት አለብን። ጠቅላላ ገቢ አድጎ ሳለ በአንድ ቤት ውስጥ ያለ አንድ እጅ ሊራቆት ይችላል።

ሁለተኛውም ነጥብ ቀላል አይደለም። ከበረደው ቱና ብዙው የሚሄደው ወደ ታይላንድ ፋብሪካዎች ሆነ። እዚያ ይቀቀላል፣ ይታሸጋል፣ ስም ይለጠፍበታል። ማልዲቭስ በድሮ ዘመን የምትሸጠው ዓሣ የራሷ እጅ የሠራው፣ ከአገሯ ሲወጣ ያለቀለት ሸቀጥ ነበር። በአዲሱ ዘመን ግን ዓሣው በጥሬው እየወጣ በማቆየት የሚገኘው ትርፍ ለሌላ አገር ሠራተኛ ሆነ። የጥበቡ ባለቤት ጥሬ ዕቃ አቅራቢ ሆነ ማለት ነው። ፌሊቫሩን የመሰለ ፋብሪካ ዋጋው የሚታየው በዚህ መለኪያ ነው።

ሦስተኛው ፈተና ከአውሮፓ መጣ። የማልዲቭስ ቱና በዘንግና በመንጠቆ አንድ በአንድ የሚያዝ በመሆኑ ባሕሩን አይጎዳም ተብሎ በ2012 ዓለም አቀፍ የምስክር ወረቀት አግኝቷል። በአውሮፓ ሱቆች ይህ ትልቅ ሞገስ ነው። ነገር ግን አገሪቱ ኑሮዋ ተሻሽሎ በ2011 እጅግ ዝቅተኛ ገቢ ካላቸው አገሮች ዝርዝር ወጥታ ነበር። የሦስት ዓመቱ የመሸጋገሪያ ጊዜ ሲያበቃ፣ ከ2014 መግቢያ ጀምሮ፣ ከቀረጥ ነፃ ይገባ የነበረው ዓሣዋ ሙሉ ቀረጥ ይጣልበት ጀመር። በታሸገ ቱና ላይ የሚጣለው 24 በመቶ ነው። ማልዲቭስ ሌላ የቀረጥ ቅናሽ ጠይቃ ነበር። ጥያቄዋ ውድቅ የሆነው የሃይማኖት ነፃነትን የሚመለከተው ዓለም አቀፍ ስምምነት ላይ ባላት አቋም ምክንያት መሆኑን የአገሪቱ ባለሥልጣናት በ2013 ገልጸዋል። በዚህ ነገር ላይ ሰዎች የተለያየ አስተያየት ሊኖራቸው ይችላል፤ እኛ ዛሬ ወደዚያ ክርክር አንገባም። ከገበያው በኩል ስናየው ግን ነገሩ ከ1970ዎቹ ጋር አንድ ነው። ዓሣው ያው ነው፤ ጥራቱ ተመስክሮለታል፤ ዋጋው ግን በሌላ ሰው ደጃፍ ተወሰነ።

ከዚህ ምን እንማራለን?

ይህ የሩቅ ደሴቶች ወሬ ብቻ እንዳይመስላችሁ። በርበራን ካነሳን አይቀር፣ የምሥራቁ የአገራችን ክፍል አርብቶ አደሮች በጎቻቸውንና ግመሎቻቸውን በበርበራ በኩል ወደ ሳዑዲ ዐረቢያ ገበያ ሲልኩ ኖረዋል። በ1998፣ ከዚያም በመስከረም 2000 የስምጥ ሸለቆ ትኩሳት በተባለው የእንስሳት በሽታ ምክንያት ሳዑዲ ዐረቢያ ከአፍሪካ ቀንድ የሚገባውን እንስሳ አገደች። ሁለተኛው እገዳ እስከ 2009 ድረስ ዘለቀ። ያን ጊዜ የሐጅ ወቅትን እየጠበቀ መንጋውን ያደለበ ሰው የማልዲቭስ ሽማግሌዎችን ጭንቅ ለመረዳት መዝገበ ቃላት አያስፈልገውም። ከብትማ እንደ ዓሣ በጭስ ታጥኖ አይጠብቅም፤ ገበያ ሲታጣ ሳርና ውኃ እየጠየቀ ያልቃል።

በውኃችንም ቢሆን ጥበቡ አለ። ከጣና ዙሪያ የሚደርቅ ዓሣ በመተማ በኩል ወደ ሱዳን ሲሸጥ ቆይቷል። በአንድ መንገድ ወደ አንድ ገበያ ለሚያሻግሩ ወገኖቻችንም የማልዲቭስ ታሪክ ማስጠንቀቂያ ነው። አባቶቻችን «አንድ እንጨት አይነድም» ይላሉ።

ለምሳሌነት ወደ ነቢዩላህ ዩሱፍ (ዐ.ሰ) ታሪክ እንመለስ። ሰባቱ የጥጋብ ዓመታት እንዳያልፉ እህሉ ከነዛላው እንዲቀመጥ መከሩ። ይህ የማቆየት ጥበብ ነው። ብዙዎቻችን ትምህርቱን እዚህ ላይ እናቆመዋለን። ዩሱፍ (ዐ.ሰ) ግን ሌላም ነገር ጠይቀው ነበር። በአገሪቱ ግምጃ ቤቶች ላይ እንዲሾሙ ጠየቁ፤ ጠባቂና ዐዋቂ መሆናቸውንም ገለጹ። እህሉን ከነቀዝ ማዳን ብቻውን እንደማይበቃ፣ በስንት ሰፍሮ ለማን እንደሚሰጥ የሚወስነው ቁልፍም በታማኝና በዐዋቂ እጅ መሆን እንዳለበት ተረድተው ነበር።

የማልዲቭስ ሕዝብ የመጀመሪያውን ጥበብ ከማንም በላይ ያውቀዋል። ያስጨነቀው ሁለተኛው ነው። ዓሣን ከመበስበስ ማዳን አንድ ነገር ነው፤ የዓሣውን ዋጋ ከአንድ ገዥ እጅ ማዳን ግን ሌላ ነገር ነው። የመጀመሪያውን አንዲት እናት በምድጃዋ ልትሠራው ትችላለች። ሁለተኛው የነጋዴን መተባበር፣ የመሪን አርቆ ማየትና ብዙ በር ማንኳኳትን ይጠይቃል። ሰበብን ማድረስ ከእኛ ነው፤ ሪዝቅ ከአላህ ነው። በአንድ በር ብቻ ቆሞ «ሪዝቄ ይኸው ነው» ማለት ግን ተወኩል አይደለም።

እንግዲህ ጠያቂያችን፣ ቆርቆሮውን ሲከፍቱ በቢስሚላህ ይመገቡ፤ ሐላል ነው። ሲመገቡ ግን ጽሑፉን ያንብቡት። የት እንደተያዘና የት እንደታሸገ አብዛኛውን ጊዜ ተጽፎበታል። ሁለቱ ቦታዎች የተለያዩ ከሆኑ በመካከላቸው ያለው ርቀት የአንድ ሕዝብ ድካምና የሌላው ትርፍ የተለያዩበት ርቀት መሆኑን ያስቡ። ነጋዴ ልጅ ካለዎትም ይህን ታሪክ ይንገሩት።

አላህ (ሱ.ወ) ሪዝቃችንን ሐላልና ሰፊ ያድርግልን። ወቢላሂ ተውፊቅ። ወሰላሙ ዐለይኩም ወረሕመቱላሂ ወበረካቱህ።